ሰባራው ድልድይ

ስለ አባይ በረሃ ወሬ ሲነሣ ሰው ሁሉ ደጀንንና ጎሐ ጽዮንን ይጠራል። አስፋልቱ በዚያ ስላለፈ፣ መኪናው በዚያ ስለሚወርድና ስለሚወጣ ነው እንጂ አባይ ጎጃምን ሲከብ በዚያ ብቻ አላለፈም። ከጢስ አባይ ፏፏቴ በታች ገደሉን ከገባ በኋላ በስተግራው በጌምድርን፣ በስተቀኙ ጎጃምን ይዞ ወደ ደቡብ ምሥራቅ ይወርዳል። ከዚያ ሳይንትንና ወሎን አልፎ፣ ሸዋን ታኮ፣ ወደ ምዕራብ ይታጠፋል። በዚህ ዙሪያ ጥምጥም መንገዱ ላይ ለዘመናት የሚፈራም የሚፈለግም አንድ ቦታ ነበረው። ሞጣ በላዩ፣ እስቴ ማዶው ነው። አገሬው ሰባራ ድልድይ ይለዋል።

ሞጣ ደጋ ናት፤ ከባሕር ወለል በላይ ወደ 2500 ሜትር ትጠጋለች። ከከተማዋ ወደ ሰሜን በእግር የወጣ ሰው ለጥቂት ጊዜ ማሳና ባሕር ዛፍ እያየ ይሄዳል፤ ከዚያ መሬቱ ይቆረጣል። ቁልቁለቱ ከተጀመረ ወዲያ ብርዱ ይቀራል፣ ጋቢው ከትከሻ ይወርዳል፣ ዛፉም ወደ ቆላ ግራር ይለወጣል። አባይ ከታች በጥቁር ድንጋይ መካከል ያልፋል። በበጋ ድምፁ እንጂ ውኃው ከሩቅ አይታይም፤ ድንጋዩን ሰንጥቆ ጠባብ ጉድጓድ ውስጥ ይገባል። በክረምት ግን ከጉድጓዱ ወጥቶ የግራና የቀኙን አለት ያለብሳል። የድልድዩ ታሪክ ሁሉ በዚህ በሁለቱ አባዮች መካከል የተጻፈ ነው።

ድልድይ ከመሠራቱ በፊት ሰው አባይን የሚሻገረው በመልካ ነበር። ውኃው ሲጎድል ዋናተኛ ይቀደማል፤ ዕቃው ጀንዲ ላይ ይጠቀለልና እየተገፋ ይሻገራል፤ በቅሎውም በልጓሙ ተይዞ ይዋኛል። አዞ አለ፤ ስለዚህ ጩኸትና ድንጋይ መወርወር ከሥራው አንዱ ነው። ከሰኔ እስከ መስከረም መሻገሪያው ይዘጋል። መስከረም ሲጠባ ደግሞ ንዳዱ ይነሣል። ውኃው ጎድሎ መልካው በሚከፈትበት ወራት ቆላው በወባ ይሞላልና፣ ደገኛው ነጋዴ በረሃው ውስጥ እንዳያድር ሌሊት ተነሥቶ ወርዶ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ ማዶ ደጋ ለመድረስ ይሽቀዳደማል። «አባይ ሰው ይወዳል» የሚባለው ነገር ከዚህ የመጣ ይመስለኛል። የገደለው ጋኔን ነው፣ ውኃ ነው ወይስ ንዳድ ነው ብሎ ለመለየት ጊዜ ያለው አልነበረም።

በአባይ ላይ የመጀመሪያው የድንጋይ ድልድይ የተሠራው በአፄ ሱስንዮስ ዘመን ነው። ቦታው አላታ፣ ጢስ አባይ ፏፏቴ አጠገብ፣ ጊዜው በ1618 ዓ.ም. አካባቢ። ያን ጊዜ ኢየሱሳውያን ሚስዮናውያን በቤተ መንግሥቱ ነበሩ፤ ከህንድም ግንበኞች መጥተዋል። ኖራ የሚሆን ድንጋይ በአገሩ መኖሩ የታወቀውም በዚሁ ዘመን ነው። ይህ ቀላል ነገር አይደለም። በጭቃ የተያያዘ ድንጋይ ቤት ሊሆን ይችላል፤ ቅስት ሆኖ ክረምት የሞላ አባይን መቻል ግን አይሆንለትም። ኖራ ሲገኝ የጎንደር ግንብም፣ የአባይ ድልድይም ተቻለ።

ሁለተኛው ድልድይ የሞጣው ነው። ሥራው የአፄ ፋሲል ነው ተብሎ ይነገራል፤ ንጉሡ ከ1624 እስከ 1660 ዓ.ም. የነገሡት ናቸው። እዚህ ላይ አንድ ነገር ሳልናገር አላልፍም። ፈረንጆች እስከ ዛሬ «ሁለተኛው የፖርቱጋል ድልድይ» እያሉ ይጽፋሉ፤ እኛም ተቀብለን እንደግመዋለን። አፄ ፋሲል ግን ሚስዮናውያኑን ገና በነገሡ በጥቂት ዓመት ውስጥ ከአገር ያስወጡ ንጉሥ ናቸው። ድልድዩ ሲገነባ ፖርቱጋሎቹ ከሄዱ ቆይተዋል። የቀረው እውቀቱ ነው፤ ድንጋይ መጥረቡን፣ ኖራ ማቃጠሉን፣ ቅስት ማዞሩን የለመደ እጅ ነው። ያው እጅ የጎንደርን ግንብ ሠራ። በፎገራ ሜዳ የርብን ወንዝ የተሻገረው ድልድይም በፋሲል ስም ይጠራል። ስሙን ለባለሥራው መመለስ አንድ ቃል መለወጥ ብቻ ነው፤ ግን አልተለወጠም።

ቦታው የተመረጠው በጥንቃቄ ነው። አባይ በበጋ ጠብቦ በአለቱ መካከል የሚያልፍበትን ስፍራ ፈልገው ዋናውን ቅስት በዚያ ላይ አዞሩ። ግራና ቀኙ ባለው አለት ላይ ደግሞ ትናንሽ ቅስቶች ደረደሩ፤ በበጋ በሥራቸው የሚያልፍ ነገር የለም፣ ክረምት ሲመጣ ግን የሞላው ውኃ በነሱ ይተነፍሳል። ግንቡ ሙሉ ግድግዳ ቢሆን ኖሮ ጎርፉ በአንድ ክረምት ገፍቶ ይጥለው ነበር። ኖራውን በእንቁላል ለወሱት የሚባል ወሬ አለ፤ ስለ ጥንት ግንብ ሁሉ የሚባል ነው። እንቁላሉ ኖረም አልኖረም፣ ቅስቶቹ ከ250 ዓመት በላይ የክረምት አባይን አሳልፈዋል።

ድልድዩ ሲቆም የጎንደር ቤተ መንግሥትና የጎጃም ደጋ ተገናኙ። በዚህ መንገድ ሠራዊት ወረደ፣ ግብር ተጫነ፣ ሲራራ ነጋዴው አሞሌ ጨው ይዞ መጥቶ ማርና ቅቤ ይዞ ተመለሰ። በ18ኛው መቶ ዘመን የእቴጌ ምንትዋብ ልጅ ወለተ እስራኤል የጎጃሙን ደጃዝማች ዮሴዴቅን አገባች፤ ልጃቸው ራስ ኃይሉ ጎጃምን ገዛ። የሞጣ ጊዮርጊስ ደብርም በወለተ እስራኤል ስም የሚታወቅ ነው። የጎንደር ልዕልት አባይ ማዶ ደብር ስትተክል፣ መሬት ስትሰጥ፣ ካህናት ስታስቀምጥ የሚያሻግር መንገድ ኖሮ ነው። ሞጣ የድልድዩ ደጃፍ ከተማ ናት ብል ያጋነንሁ አይመስለኝም።

ድልድይ በሌለበት አባይን መድፈር ምን እንደሚመስል የስኮትላንዱ መንገደኛ ጀምስ ብሩስ ጽፎታል። በ1762 ዓ.ም. ግንቦት ላይ የራስ ሥዑል ሚካኤልና የወጣቱ ንጉሥ የዳግማዊ ተክለ ሃይማኖት ሠራዊት ዝናብ ጀምሮ እያለ አባይን በመልካ ተሻገረ። ወንዙ ብዙ ሰውና በቅሎ ወሰደ፤ ጠላት አንድ ጥይት ሳይተኩስ ማለት ነው።

19ኛው መቶ ዘመን በጦርነት አለፈ። መሳፍንቱ በዚህም በዚያም ሲሻገሩ፣ ሽፍታውና ደመኛውም ሲያመልጥ፣ ድልድዩ ለሁሉም አንድ ነበር። የውጭ አገር ሰዎች ደግሞ ወንዙን በጀልባ ለመውረድ አሰቡ። አሜሪካዊው ማክሚላን እ.ኤ.አ. በ1903 የብረት ጀልባዎች አስመጥቶ ከአዲስ አበባ በኩል ካለው መሻገሪያ ተነሣ፤ ጥቂት ሳይርቅ አባይ ጀልባዎቹን አለት ላይ ሰባበራቸው። እ.ኤ.አ. ከ1925 ጀምሮ ዳንግላ የተቀመጠው የእንግሊዝ ቆንስል ሮበርት ቺዝማን የተሻለ ብልሃት ነበረው። ውኃውን ትቶ በገደሉ አፋፍ በበቅሎና በእግር ተከተለው፤ እስከዚያ ድረስ በካርታ ላይ በነጠብጣብ ይሣል የነበረውን የአባይን ጥምዝ አስተካከለ። መጽሐፉ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1936 ሲሆን፣ በዚያው ዓመት ጣልያን ጎጃም ገባ።

የድልድዩ ቀን የመጣውም ያን ጊዜ ነው። በ1928 ዓ.ም. ሚያዝያና ግንቦት የጣልያን ጦር ከጎንደር ተነሥቶ ባሕር ዳርን፣ ቀጥሎም ደብረ ማርቆስን ያዘ። ብዙ ሳይቆይ አገሩ ሸፈተ። በምሥራቅ ጎጃም፣ በብቸና በኩል በላይ ዘለቀ ተነሣ፤ በሌላው ወረዳ ሌሎች አርበኞች ነበሩ። የአባይ በረሃ ለነዚህ ሰዎች ቤትም ምሽግም ነበር። ጣልያን መኪናና አውሮፕላን አለው፤ ገደሉን ግን አያውቀውም። እሱን ከእስቴ በኩል ወደ ሞጣ በቀጥታ የሚያሻግረው ድልድዩ ነው። አገሬው እንደሚተርከው ድልድዩን የሰበረው ጠላት አይደለም፤ የጠላትን ጦር ላለማሳለፍ የገዛ ሰዋችን ነው።

ቅስትን ማፍረስ ግድግዳን እንደማፍረስ አይደለም። ቅስት የሚቆመው ድንጋዮቹ እርስ በርስ ስለሚገፋፉ ነው፤ የሚያያይዛቸው ኖራ ብቻ አይደለም። አናቱ ላይ ያሉት ጥቂት ድንጋዮች ከተነቀሉ የቀሩት የሚደገፉበት ያጣሉ፤ ራሳቸው ይወርዳሉ። የሞጣውም ድልድይ እንዲሁ ሆነ። የጎኖቹ ትናንሽ ቅስቶች፣ የሁለቱም ዳር ግንብ ባለበት ቆመ፤ ከዋናው ቅስት መካከሉ ብቻ ጎደለ። ከዚህ ያለው ሰው ከዚያ ያለውን ያየዋል፣ ያነጋግረዋል፣ ትንባሆም ቢወረውርለት ይደርሳል። በመካከል ያለው ባዶ ነው፤ ከባዶው ሥር አባይ አለ።

ሚያዝያ 1933 ዓ.ም. ሞጣ ምሽግ ውስጥ የነበረው የጣልያን ጦር እጁን ሰጠ። ጠላት ወጣ። ድልድዩ ግን አልተጠገነም።

ለምን? እኔ እንደሚመስለኝ ማንም ሰው ተቀምጦ «አይጠገን» ብሎ የወሰነ የለም። መንገዱ ነው የዞረው። መንግሥት ገንዘቡን የሚያወጣው መኪና ለሚሄድበት ነው፤ መኪና ደግሞ በደጀን ወርዶ በጎሐ ጽዮን ይወጣል፤ ወደ ጎንደርም በባሕር ዳር ያልፋል። ከሞጣ እስቴ የሚሄደው ሰው መኪና የለውም። አህያ አለው፣ እህል አለው፣ ማዶ የተዳረች ልጅ አለችው፣ ለቅሶ አለበት። ይህ ሰው በአዲስ አበባ ካርታ ላይ አይታይም። ከሞጣ በባሕር ዳር ዞሮ እስቴ ለመድረስ ከመቶ ኪሎ ሜትር በላይ ሄዶ፣ ያን ያህል ደግሞ መመለስ ነው፤ ፊት ለፊት የሚያየውን ደጋ ለመርገጥ።

ስለዚህ ገመድ አመጣ።

ከተሰበረው ቅስት በሁለቱም ጫፍ ሰዎች ይቀመጣሉ፤ አሥርም ያህል ሆነው፣ አንዱ ከሌላው ኋላ፣ ተረከዛቸውን ድንጋዩ ላይ ተክለው። ገመዱ ከዚህ ጫፍ እስከዚያ ጫፍ ተወጥሯል። ተሻጋሪው ገመድ በብብቱ ሥር አዙሮ ይታሰራል፤ ቋጠሮውን ራሱ አይደለም የሚያስረው፣ የለመደ ሰው ነው። ከዚያ ጫፉ ላይ ቁጭ ይልና እግሩን ወደ ገደሉ ይሰድዳል። ማዶዎቹ ይስባሉ፣ የወዲህኞቹ እያላሉ ይለቃሉ። የሁለቱ እኩል መሄድ ነው ሰውየውን የሚያተርፈው። የማዶው ቶሎ ካልሳበ፣ የወዲህኛው ከመጠን በላይ ካላላ፣ ሰውየው መካከል ላይ ይዘቀዘቃል። ሸማውን ወገቡ ላይ አጥብቋል፣ ጫማውን አንገቱ ላይ አንጠልጥሏል፣ ዓይኑን ወደ ታች የሚሰድድ የለም። ግንቡ ላይ ሲደርስ እጁን ይዘው ይጎትቱታል። ቀጥሎ የእህሉ ስልቻ፣ ቀጥሎ ሴቲቱ፣ ቀጥሎ ልጁ። በክረምት፣ አባይ ቀይ ሆኖ እስከ ግንቡ ወገብ ሲወጣ፣ ይኸው ነው። ገመድ የተበጠሰባቸውን፣ የወደቁትን የመዘገበ መዝገብ የለም፤ በየቤቱ ግን ይነገራል።

እንዲህ እንዲህ እያለ የንጉሡ ዘመን አለፈ፣ የደርግ ዘመን አለፈ። የውጭ ሰዎች ከወንዙ ጋር መታገላቸውን አልተዉም። እ.ኤ.አ. በ1968 በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ጥሪ በሻምበል ጆን ብላሽፎርድ ስኔል የሚመራ የእንግሊዝ ወታደሮችና ሳይንቲስቶች ቡድን በጎማ ጀልባ አባይን ወረደ። ጀልባ ተገለበጠ፣ ሽፍቶች ተኮሱባቸው፣ አንድ ወታደር ወንዝ ሲሻገር ሰጥሞ ሞተ። ሬዲዮና ጠመንጃ፣ ከጀርባቸውም መንግሥት የነበራቸው ሰዎች ናቸው። በዚያው ዘመን የሞጣና የእስቴ ገበሬ ያንኑ ወንዝ በገመድ ሲሻገር ጉዞው በጋዜጣ አልወጣም።

ጉዞው በመጽሔት የወጣው ከዚያ ሠላሳ ዓመት በኋላ ነው። እ.ኤ.አ. በ1999 የናሽናል ጂኦግራፊክ ቡድን አባይን ከጣና እስከ ሱዳን ድንበር ተከተለ። ጸሐፊዋ ቨርጂንያ ሞረል፣ ፎቶ አንሺዋ ኔቫዳ ዊር ነበሩ። ዊር ከተሰበረው ቅስት ላይ ሰዎች በሁለት ወገን ተቀምጠው አንዱን ሰው በገመድ ሲስቡት አነሣች። ፎቶው መጽሔቱ ላይ ወጣ። እ.ኤ.አ. በ2001 ቨርጂንያ ግዛት የሚኖር ኬን ፍራንትዝ የሚባል የሕንፃ ሥራ ተቋራጭ መኪናው ተሠርቶ እስኪያልቅለት ድረስ ሲጠብቅ መጽሔቱን ገለጠ፤ ፎቶውን አየ። ሰውየው ሥራው መገንባት ነውና ያየው ሰውየውን ብቻ አልነበረም፤ ክፍተቱንም ለካው። በዚያው ዓመት ድልድይ የሚሠራ በጎ አድራጎት ድርጅት አቋቋመ፤ ስሙ «ብሪጅስ ቱ ፕሮስፔሪቲ» ይባላል።

እ.ኤ.አ. በ2002 ሞጣ ደረሱ። ዕቃው እስከ ከተማው በመኪና መጣ፤ ከዚያ ወዲያ መኪና አይወርድም። ብረቱና ሲሚንቶው በአህያ ጀርባና በሰው ትከሻ ያንን ቁልቁለት ወረደ። የጎደለው ቅስት በብረት ተሸፈነ፤ ከስድሳ ዓመት በላይ በኋላ ሰው በእግሩ ቆሞ ድልድዩን አለፈ። ገመዱ ተጠቀለለ።

አባይ ግን ሦስት ክረምት ብቻ ታገሠ። እ.ኤ.አ. በ2005 ጎርፉ የተጠገነውን ክፍል ይዞት ሄደ። የፋሲል ቅስት ለምን ያን ሁሉ ዘመን ቻለ፣ ይኸኛው ለምን አልቻለም ብሎ የሚጠይቅ አይጠፋም። ድንጋዩ ከባድ ነው፤ ውኃ ሲያለብሰው እንኳ በክብደቱ ይቀመጣል። በላዩ የተሸከመው ብረት ግን ቀላል ነውና ውኃው እዚያ ከፍታ ላይ ከደረሰ ይዞት ይነሣል። ችግሩ ጥገናው መጥፎ መሆኑ አልነበረም፤ ጥገናው ድሮ ግንቡ በነበረበት ከፍታ ላይ መቅረቱ ነው።

ሁለተኛው ሥራ ይህንን ትምህርት ይዞ ተነሣ። አሮጌውን ድልድይ መጠገን ቀረ። በአቅራቢያው፣ ጎርፉ ከማይደርስበት ከፍታ ላይ፣ በሁለቱም አፋፍ የሲሚንቶ መልሕቅ ተቀበረና ወፍራም የብረት ገመዶች ተዘረጉ። በገመዶቹ ላይ መርገጫ ተነጠፈ፤ ጎንና ጎኑም መያዣ አለው። ወንዙ መካከል አንድም ምሰሶ የለም፤ አባይ የሚይዘው፣ የሚገፋውም ነገር አያገኝም። ይህ ድልድይ እ.ኤ.አ. በ2009 ለሰው ተከፈተ። ሲረግጡት ይወዛወዛል። ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያልፍበት ሰው መካከል ላይ ሲደርስ መያዣውን በሁለት እጁ ይይዛል፤ የለመደው ደግሞ እንጨት ተሸክሞ ይሮጥበታል።

የፋሲል ግንብ ከታች ባለበት አለ፤ መካከሉ ጎድሎ፣ የጎን ቅስቶቹ ሣር አብቅለው። አገሬው አዲሱንም መሻገሪያ የሚጠራው በዚያው በሰባራው ስም ነው። ድርጅቱ ከሞጣ ጀምሮ በሌሎች አገሮችም ብዙ የእግረኛ ድልድይ ሠራ፤ መነሻው ይህ ገደል መሆኑን ይናገራል።

በዚሁ ዘመን በሌሎቹ የአባይ መሻገሪያዎች የተሠራውን ማስታወስ ደግሞ ተገቢ ነው። እ.ኤ.አ. በ2008 በደጀንና በጎሐ ጽዮን መካከል በጃፓን እርዳታ የተሠራው የኅዳሴ ድልድይ ተመረቀ። በግንቦት 2016 ዓ.ም. ባሕር ዳር ላይ 380 ሜትር የሚረዝም አዲስ ድልድይ ተከፈተ፤ መኪናው በሰፊው ያልፍበታል፤ ማታ ማታ ሰው ፎቶ ሊነሣበት ይወጣል። ሁለቱም ያስፈልጉ ነበር፤ የሚቆጨኝ ስለ እነሱ አይደለም። በጦርነት ጊዜ በአገር ሰው እጅ ለአገር ሲባል የፈረሰ ድልድይ፣ አገር ነፃ ከወጣች በኋላ ስድሳ አንድ ዓመት የጠበቀው የአገሩን መንግሥት አልነበረም፤ የመጣለት ፎቶ ያየ የሩቅ አገር ሰው ነው። ሞጣን ከእስቴ ወገን ከጃራ ገዶ ጋር የሚያገናኝ የመኪና መንገድ ጉዳይ ለዓመታት ሲነሣ ቆይቷል። በእግሩ የሚሄደው ሰው በበኩሉ ሌሊት ተነሥቶ ቁልቁለቱን ይወርዳል፤ በብረት ገመዱ ላይ ያልፋል፤ የእስቴን ዳገት ይይዛል።